ጥቅሱን ሙሉውን አንብቡት

ልጆቼ፣ ዕድሜዬን የጨረስኩት በጤና ሙያ ነው። አብዛኛውን ባሕር ዳርና በጣና ዙሪያ ባሉ ጤና ጣቢያዎች። ጡረታ ከወጣሁ ወዲህ በስልክ የምትልኩልኝን ጥቅስ ጊዜ ሰጥቼ አነባለሁ። ጠዋት አንድ ይመጣል፣ ማታ ሌላ ይመጣል፤ አንዳንዱ ፀሐይ ጣና ላይ ስትጠልቅ በሚያሳይ ፎቶ ላይ የተጻፈ ነው። ደስ ይለኛል። የጥንት ሰዎች ቃል ዛሬም ልባችሁን መንካቱ ቀላል ነገር አይደለም። ግን አንድ ነገር ከልቤ ልንገራችሁ። ቆርጣችሁ አትውሰዱት። ሙሉውን አንብቡ፣ ማን እንዳለውና ምን ላይ ሆኖ እንዳለው እወቁ፣ ከዚያ ሥራችሁ ላይ ሞክሩት።

በራሴ ሙያ ላሳያችሁ። «ሕይወት አጭር ናት፣ ሙያ ግን ረጅም ነው» የሚለውን ሳትሰሙት አትቀሩም። በጥንታዊው ግሪካዊ ሐኪም በሂፖክራተስ ስም የሚታወቅ ቃል ነው። ብዙ ሰው እዚህ ላይ ያቆማል። ቃሉ ግን ይቀጥላል። ምቹው ጊዜ ፈጥኖ ያልፋል፣ ልምድ ሊያሳስት ይችላል፣ ፍርድ መስጠት ከባድ ነው ይላል። በዚህም አያበቃም። ሐኪም የራሱን ድርሻ መወጣቱ ብቻ አይበቃውም፤ በሽተኛው፣ አስታማሚውና በዙሪያቸው ያለው ነገር ሁሉ አብሮት እንዲሠራ ማድረግ አለበት ይላል።

ልብ በሉ፣ አስታማሚውን አልረሳም! ከ2,000 ዓመት በላይ ያለፈው ቃል ነው። እኛ ግን ዛሬም አስታማሚውን «ውጪ ጠብቅ» እንላለን።

አንድ ጊዜ አንዲት እናት ትኩሳት የያዘው ልጇን ይዛ ከዘጌ በኩል በጀልባ መጣች። ምርመራው ወባ አለ። የሚሰጠው መድኃኒት ሦስት ቀን፣ በቀን ሁለት ጊዜ የሚወሰድ ነው፤ ወተት ወይም ቅባት ካለው ምግብ ጋር ሲሆን ደግሞ በደንብ ይሠራል። ለእናትየው አስረዳሁ። እሺ እሺ ትላለች፣ ግን ዓይኗ በር በሩን ያያል። ለካ ቤት ውስጥ ልጁን የሚይዙት አያቱ ናቸው፣ እሳቸው ደግሞ ውጪ ዛፍ ሥር ተቀምጠዋል። እማማ ይግቡ አልኳቸው። ክኒኑን በማንኪያ ሰባብሬ አሳየኋቸው። ትኩሳቱ በማግሥቱ ቢለቀውም እንዳያቋርጡ፣ ወዲያው ካስመለሰው ደግሞ ተመልሰው እንዲመጡ ነገርኳቸው። አንድ በአንድ መልሰው ነገሩኝና የቀረውን ክኒን ነጠላቸው ጫፍ ላይ ቋጠሩት። ያኔ ነው መድኃኒቱ በትክክል እንደሚወሰድ እርግጠኛ የሆንኩት። ጥቅሱን ግማሹን ብቻ የሚያውቅ ሰው እሳቸውን አይጠራቸውም ነበር።

ሁለተኛው ነገር የአገራችንን ተረትና ምሳሌ የሚመለከት ነው። ወጣቶች «እርስ በርሱ ይጋጫል» ትሉኛላችሁ። እውነት ነው፣ «የቸኮለ አፍሶ ለቀመ» ይላል፤ ዞር ብሎ ደግሞ «ሳይቃጠል በቅጠል» ይላል። የትኛውን እንመን? እኔ ሁለቱንም አምናለሁ፣ ሁለቱም በአንድ በሽተኛ ላይ በአንድ ቀን ሲሠሩ አይቻለሁና። ክረምቱ አልፎ መስከረምና ጥቅምት ሲገባ ፎገራና ደምቢያ ሜዳ ላይ ወባ ይበረታል። ያኔ ትኩሳት የያዘው ሕፃን ሌሊቱ እስኪነጋ ቤት ከቆየ ሊከፋበት ይችላል፤ ስለዚህ ሳይቃጠል በቅጠል። እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር በ1958 በአገራችን የተነሳው የወባ ወረርሽኝ 150,000 ያህል ሰው እንደገደለ ይገመታል፣ ይህን የሚያውቅ ሰው የአንድ ቀን መዘግየትን አይንቅም። ልጁ ጤና ጣቢያ ከደረሰ በኋላ ግን ደሙ ሳይታይ፣ አንገቱ መገተሩና አለመገተሩ ሳይፈተሽ፣ እናቱ በደንብ ሳትጠየቅ፣ ትኩሳት ሁሉ ወባ ነው ብሎ ክኒን ማደል አፍሶ መልቀም ነው። ምሳሌዎቹ አልተጣሉም። እያንዳንዳቸው ሰዓት አላቸው፣ ሰዓቱን መለየት ደግሞ የእናንተ ሥራ ነው። «ፍርድ መስጠት ከባድ ነው» የተባለውም ለዚህ ይመስለኛል።

«በሽታውን የደበቀ መድኃኒት የለውም» ስለሚለው ብዙ አልልም። ሐኪም ሁሉ በየቀኑ የሚያየው ነው።

አሁን ወደሚያሳስበኝ ልምጣ። በስማቸው የሚዞረውን ሁሉ ያልተናገሩ ሰዎች አሉ። «ምግብህ መድኃኒትህ ይሁን» የሚለውን በሂፖክራተስ ስም አንድ መቶ ጊዜ ሳትልኩልኝ አትቀሩም። በስሙ በሚታወቁት ጥንታዊ ጽሑፎች ውስጥ ግን ይህ ቃል አይገኝም። ምን ችግር አለው ትሉ ይሆናል፣ አባባሉ ደግ ነው። አንድ የስኳር ሕመምተኛ አውቅ ነበር፣ ረጋ ያለ፣ የተማረ ሰው። ይህን ጥቅስ ከአንድ የቴሌግራም ቻናል አገኘ፣ «ትልቁ ሐኪም እንዲህ ካለ» ብሎ መድኃኒቱን ትቶ በምግብ ብቻ ልቆጣጠረው አለ። ከሳምንታት በኋላ ራሱን ስቶ በሰው ትከሻ መጣ። ተርፏል፣ እግዚአብሔር ይመስገን። ምግቡን መጠንቀቁ ልክ ነበር፤ መድኃኒቱን ያስጣለው ግን የትልቅ ሰው ስም ነው። ስለዚህ ከመላካችሁ በፊት «የት መጽሐፍ ላይ ነው ያለው?» በሉ። መልስ ካጣችሁ ስሙን አውጡና አባባሉን ብቻውን መዝኑት።

የጥንቶቹ ቃል ለእኛ አዲስ መጤ እንዳይመስላችሁ። በ16ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ላይ አባ ሚካኤል የሚባሉ ሰው የፈላስፎችን አባባሎች የያዘ መጽሐፍ ከዓረብኛ ወደ ግዕዝ መልሰውልን ነበር፤ አንጋረ ፈላስፋ እንለዋለን። የሶቅራጥስና የአርስቶትል ስም በዚያ ዘመን እዚህ አገር ይነበብ ነበር ማለት ነው። ከባሕር ዳር ጀልባ ይዛችሁ ክብራን ገብርኤል ወይም ዳጋ እስጢፋኖስ ብትሄዱ የደሴቶቹ ገዳማት ለዘመናት የጠበቋቸው የብራና መጻሕፍት አሉ። ብራና ቆዳ ነው። ቆዳው ይፋቃል፣ ይወጠራል፣ ይደርቃል፣ ይሰመራል፣ ከዚያ ነው ጸሐፊው ቀለሙን በጥብጦ መቃ ብዕሩን የሚያነሳው። በዚህ ድካም የሚገለበጥ ቃል ተመርጦ ነው የሚገለበጥ። እኛ በአንድ ጣት ለ500 ሰው እንልካለን። መላኩን አልከለክልም፤ የጸሐፊውን ያህል ባይሆንም ለአፍታ ቆም ብላችሁ አስቡበት ነው የምለው።

ተናጋሪው ምን ላይ እንደነበር ማወቅም ቃሉን ሌላ ያደርገዋል። ጊዜ አያጥረንም፣ እኛ ነን የምናባክነው ያለው ሮማዊው ፈላስፋ ሴኔካ ኮርሲካ ደሴት ላይ ስምንት ዓመት ያህል በግዞት ኖሯል፣ በመጨረሻም እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር በ65 ዓ.ም. በንጉሡ በኔሮ ትእዛዝ ራሱን እንዲያጠፋ ተገድዷል። በእጃችን ያለውንና የሌለውን እንለይ ያለው ኤፒክቴተስ ባሪያ የነበረ ፈላስፋ ነው፤ ራሱ አልጻፈም፣ ተማሪው አርያን ነው ቃሉን ያቆየልን። ማርቆስ አውሬሊዎስ ደግሞ የሮም ንጉሥ ነበር፣ ዘመኑ የጦርነትና የወረርሽኝ ነበር፤ የጻፈውም ለራሱ ነው። ባሪያውና ንጉሡ ተመሳሳይ ነገር ሲሉ ሥራ ያጣው ወጣትም፣ ሥራ በዝቶበት እንቅልፍ ያጣውም የሚይዘው ነገር አለ። ሥራ ፈላጊ ልጆቼ፣ ይህን በተለይ ለእናንተ ነው የምጽፈው። ቀጣሪው ይደውል አይደውል በእጃችሁ አይደለም። ዛሬ ከሰዓት ምን እንደምትማሩ ግን በእጃችሁ ነው።

አዲስ ለተመረቃችሁ የጤና ባለሙያዎች ከጥንቱ ቻይናዊ ፈላስፋ ከኮንፊሽየስ አንድ ልጨምር። የምታውቀውን አውቃለሁ፣ የማታውቀውን አላውቅም ማለት፣ ዕውቀት ማለት ይህ ነው ይላል። ሌሊት ተረኛ ሆናችሁ ያልገባችሁ ነገር ሲመጣ ሲኒየራችሁን ቀስቅሱ። ቢቆጣም ቀስቅሱት።

ከየት እንጀምር ለምትሉኝ፣ ሩቅ አትሂዱ። መጽሐፈ ምሳሌ 31 ምዕራፍ ነው፤ በቀን አንድ ብታነቡ በወር ያልቃል። መክብብ 12 ብቻ ነው። ሙስሊም ልጆቼ ደግሞ «ከአምስት በፊት አምስትን ተጠቀምባቸው» የሚለውን የነቢዩን ሐዲስ ታውቁታላችሁ፤ ወጣትነትን ከእርጅና በፊት፣ ጤናን ከሕመም በፊት፣ ሀብትን ከድህነት በፊት፣ ትርፍ ጊዜን ከመጠመድ በፊት፣ ሕይወትን ከሞት በፊት። እኔ ክርስቲያን ነኝ፣ የሰማሁት ላቦራቶሪ ውስጥ አብሮኝ ይሠራ ከነበረ ሙስሊም ወንድሜ ነው። ዕድሜያቸው ከ40 ያለፈ ሰዎች «አሞኝ አያውቅም» ብለው ደም ግፊት አንለካም ሲሉኝ ይህን ቃል እነግራቸዋለሁ። አብዛኞቹ እጃቸውን ይዘረጋሉ።