የጥገና ሥራ ወይስ የምርምር ቦታ? ለአንዲት የኢንጂነሪንግ ተማሪ የተሰጠ ምላሽ

ውድ ጠያቂያችን፣

የፓል ባለ ቀለም ቴሌቪዥን ሥርዓትን የፈለሰፈውን ጀርመናዊ መሐንዲስ ዋልተር ብሩኽን አርአያ ማድረግሽን፣ አሁን በእጅሽ ያለው ግን የማሰራጫ መሣሪያዎች የጥገና ሥራ ብቻ መሆኑን ገልጸሽ፣ «ልቀበለው ወይስ የምርምር ቦታ እስኪገኝ ልጠብቅ?» ስትዪ ጠይቀሻል። ምክሬ ተቀበዪው የሚል ነው፤ ምክንያቱም ከራሱ ከብሩኽ ሕይወት ይገኛል።

ብሩኽ እ.ኤ.አ. በ1936 በበርሊን ኦሎምፒክ የቴሌቪዥን ካሜራ ያንቀሳቀሰ የተግባር ሰው ነበር። (በጦርነቱ ዘመን የሮኬት ማስወንጨፊያውን ከርቀት የሚያሳይ ቴሌቪዥን በጀርመን የሮኬት መሞከሪያ ጣቢያ በፔነሙንደ መዘርጋቱም ሊዘነጋ አይገባም፤ ለማን እንደሚሠሩ መጠየቅ የሙያው አካል ነውና።) ፓልን በጥር 1963 ሃኖቨር ላይ ለአውሮፓ ባለሙያዎች ሲያሳይ ዕድሜው 54 ነበር።

ከዚያ በፊት በጀርመኑ የኤሌክትሮኒክስ ኩባንያ በቴሌፉንከን ላቦራቶሪ ሁለቱን የባለ ቀለም ቴሌቪዥን ሥርዓቶች፣ የአሜሪካውን ኤንቲኤስሲና የፈረንሳዩን ሴካም፣ እያነጻጸረ ጉድለታቸውን ያጠና ነበር። በ1953 የጸደቀው ኤንቲኤስሲ የቀለሙን ዓይነት የሚለየው በሲግናሉ ፌዝ (phase፣ ማለትም ሞገዱ ከመነሻ ሞገድ አንጻር በሚቀድምበት ወይም በሚዘገይበት መጠን) ስለሆነ፣ ፌዙ በጉዞ ላይ ጥቂት ቢዛባ የሰው ፊት ወደ አረንጓዴ ወይም ወደ ወይን ጠጅ ያደላል። ብሩኽ ከሁለቱ የቀለም ሲግናሎች አንዱን በየመስመሩ (ሥዕሉ በሚሣልባቸው አግድም መስመሮች) እየገለበጠ እንዲላክ አደረገ፤ መቀበያው ያለፈውን መስመር ለ64 ማይክሮ ሰከንድ አቆይቶ ከአዲሱ ጋር ሲደምረው በተቃራኒ አቅጣጫ የተዛቡት ስህተቶች እርስ በርሳቸው ይጠፋፋሉ፤ የሚቀረው የቀለሙ መጠነኛ መደብዘዝ ብቻ ነው። መስመር የማቆየቱ ዘዴ አስቀድሞ ፈረንሳዊው መሐንዲስ ሄንሪ ደ ፍራንስ በፈለሰፈው ሴካም ውስጥ ነበረ፣ ፌዝ መገልበጡም አሜሪካ ውስጥ ተሞክሮ ነበር፤ ሁለቱን አጣምሮ ለዚያ ለአንድ በሽታ መድኃኒት ማድረግ ግን በሽታውን በመሣሪያ ለክቶ ለሚያውቅ ሰው ይቀላል።

በአንጻሩ የአሜሪካውን የስርጭት ኩባንያ የሲቢኤስን መሐንዲስ ፒተር ጎልድማርክን ተመልከቺ። በሚሽከረከር ባለ ቀለም ዲስክ የሚሠራው ሥርዓቱ ጥሩ ሥዕል ያሳይ ስለነበር በ1950 የአሜሪካ መንግሥት ተቆጣጣሪ አካል አጸደቀለት፤ ሆኖም በየቤቱ የነበሩት ከ10 ሚሊዮን የማያንሱ ጥቁርና ነጭ መቀበያዎች ስርጭቱን ሊያሳዩ አልቻሉም። በሰኔ 1951 የተጀመረው መደበኛ ስርጭት በጥቅምት ተቋረጠ። ጎልድማርክ የችሎታ ችግር አልነበረበትም፤ በ1948 ለገበያ የበቃውን ረጅም ጊዜ የሚጫወት የሙዚቃ ሸክላ (ኤልፒ) ያበለጸገውን ቡድን የመራው እርሱ ነው። ሥርዓቱን የጣለው በተመልካቹ ቤት ያለው አሮጌ መሣሪያ ነበር፤ ያንን መሣሪያ ደግሞ ከጥገና ባለሙያ በላይ የሚያውቀው የለም።

እንግዲህ ውል ከመፈረምሽ በፊት ቀጣሪሽን ሁለት ነገር ጠይቂ፦ ኦሲሎስኮፕና ስፔክትረም አናላይዘር (የሲግናልን ቅርጽና ድግግሞሽ የሚያሳዩ መለኪያዎች) አሉ ወይ፣ አዲስ ሠራተኛስ እንዲጠቀምባቸው ይፈቀዳል ወይ? ከገባሽ በኋላ የእያንዳንዱን ብልሽት ቀን፣ የተለካውን የሲግናል መጠን፣ ተመልካቹ ያየውንና አንቺ የለወጥሽውን መዝግቢ፤ ተመሳሳይ ብልሽት ሲደጋገም የምርምር ጥያቄሽ ከዚያው መዝገብ ይወጣል፣ ለሁለተኛ ዲግሪ ስታመለክቺም ከማንኛውም የድጋፍ ደብዳቤ ይልቅ ይጠቅምሻል። ሥራው የተበላሸ የኤሌክትሮኒክስ ካርድ ነቅሎ አዲስ መሰካትና አሮጌውን ወደ አቅራቢው መላክ ብቻ ከሆነ ግን ከእርሱ ብዙ አትማሪም፤ ደመወዙ ካላስገደደሽ በቀር ሌላ ፈልጊ።