የበርማ የመጨረሻው ቤተ መንግሥት፦ ጠይቁኝ፣ ግን ሰውን ከከተማ ለዩ

ሰላም ለሁላችሁ። ባለፈው ስለ በርማ (የዛሬዋ ማያንማር) ነገሥታት ትንሽ ብጽፍ ጥያቄ አዘነባችሁብኝ። ዛሬ ማታ ቡናዬን ይዤ ተቀምጫለሁ፣ ጠይቁ። የምናወራው ስለ ኮንባውንግ ሥርወ መንግሥት ነው። ከ1752 እስከ 1885 የገዛው ማለት ነው፤ 11 ነገሥታት ነበሩት። በተለይ ስለ መጨረሻዎቹ ሁለቱ፣ ስለ ሚንዶንና ስለ ልጁ ስለ ቲባው። ዓመቱም ወሩም በፈረንጅ ነው፤ ቀይርልን እንዳትሉኝ።

ሁለት ማሳሰቢያ አለኝ። አንደኛ፣ ስም የሚመስላችሁ አብዛኛው ስም አይደለም። ሁለተኛ፣ ስለ ቲባው ሚስት ስለ ንግሥት ሱፓያላት የሚወራውን ከማመናችሁ በፊት "ማን ጻፈው?" በሉ።

የፒያሳ ልጅ፦ ጋሼ፣ ስም አይደለም ሲሉ ምን ማለትዎ ነው?

መልስ፦ ተባረክ፣ ከዚህ መጀመር ነበረብን። የንጉሥ ልጅ ሲያድግ ከተማ ይሰጠዋል። የከተማው ግብር የሱ ይሆናል። ይህን ሰው "ምዮሳ" ይሉታል፤ ቃሉ ሲፈታ "ከተማ በላ" ነው። ጉልት በላ የሚለውን ለሚያውቅ ሰው ማብራሪያ አያሻውም። ከዚያ በኋላ ልዑሉ የሚጠራው በሚበላው ከተማ ነው። ሚንዶን ከተማ ነው። ፓጋን ከተማ ነው። ታራዋዲ ከተማ ነው። ቲባውም በሻኖች አገር ያለ ከተማ ነው፤ ዛሬ ካርታ ላይ ሲፖ ተብሎ ታገኘዋለህ።

ሌሎቹ ደግሞ በዝምድና የተጠሩ ናቸው። ናውንግዶጂ ማለት "ታላቅ ወንድም" ነው። ቦዶፓያ "ጌታ አያት"፣ ባጂዶ ደግሞ "ታላቅ አጎት"። ኋላ የመጡት ዘመዶቻቸው ያወጡላቸው ነው። እኔን ጋሼ ጋሼ ስትሉ ስሜን እንደረሳችሁት ማለት ነው።

ሴቶቹም እንዲሁ። ሱፓያጂ፣ ሱፓያላት፣ ሱፓያሌ፤ ሦስት እህትማማቾች ናቸው። ትልቋ፣ መካከለኛዋ፣ ትንሿ ልዕልት። ዓለም በክፋት የሚያነሳት ንግሥት እንግዲህ መጠሪያዋ "መካከለኛዋ" ነው። እናታቸው ሲንብዩማሺን ናት፤ እሱም ማዕረግ ነው፣ "የነጭ ዝሆን እመቤት"። ትልቁ ሚኒስትር ኪንዉን ሚንጂም ቢሆን በሹመቱ ነው የሚታወቀው። ስሙ ኡ ካውንግ ነው።

የሚገርመው ሚንዶን ራሱ ይህን መብላት ሊያስቀር ሞክሯል። በ1860ዎቹ ታታሜዳ የሚባል በየቤተሰቡ የሚከፈል ግብር አውጥቶ ሹማምንቱን በደመወዝ ሊያሳድር ፈለገ። ሹማምንቱ እንደወደዱት አትጠብቁ።

ቡና በጨው፦ ሚንዶን ስንት ሚስት ነበረው?

መልስ፦ ከ40 በላይ። ልጆቹ ከ100 በላይ ናቸው። ይህን ቁጥር ያዙት፤ ኋላ ያስፈልገናል።

የሪያዷ፦ ይህ ሁሉ ሴት አንድ ግቢ ውስጥ እንዴት ኖረ? እኛ ሦስት ሆነን አንድ ቤት ተከራይተን መግባባት አቅቶናል።

መልስ፦ ሳቄ መጣ። ግን ጥሩ ነገር ነው ያነሳሽው። ማንዳላይ በ1857 በሚንዶን የተቆረቆረች ከተማ ናት። ቅጥሯ አራት ማዕዘን ነው። አንዱ ጎን ሁለት ኪሎ ሜትር ገደማ ይሆናል። 12 በር አላት፣ ዙሪያዋን ውኃ የሞላ ሰፊ ቦይ አለ። ቤተ መንግሥቱ መሀል ላይ ነው፤ ከቲክ እንጨት የተሠራ፣ ብዙው በወርቅ የተለበጠ። ፊቱ ወደ ምሥራቅ ነው። ምሥራቁ የወንዶችና የመንግሥት ሥራ ነው፦ ግብር የሚቀርብበት አዳራሽ፣ የአንበሳ ዙፋን፣ ከዙፋኑ በላይ ሰባት እርከን ያለው ጉልላት። ምዕራቡ የሴቶች ነው።

ንግሥቶቹ ማዕረጋቸው በአቅጣጫ ነው። የደቡብ ቤተ መንግሥት ንግሥት የሁሉ የበላይ ናት። ከዚያ የሰሜን፣ የመካከል፣ የምዕራብ እያለ ይወርዳል። ከነሱ ሥር ክፍል ብቻ ያላቸው አሉ። የጣራው እርከን፣ የጃንጥላው ቀለም፣ የቢተል ዕቃው ወርቅ መሆን አለመሆኑ፣ ሁሉም በማዕረግ የተለካ ነው። (ቢተል የሚታኘክ ቅጠል ነው። ጫት አይደለም፣ እንዳትጠይቁኝ።) ነጭ ጃንጥላ የንጉሡ ነው። ንጉሡ በደረቱ ላይ የሚያጣፋው የወርቅ ድሪ 24 ዘር ነው፤ ሌላው ሰው እንደ ማዕረጉ እየቀነሰ ይሄዳል። ስለዚህ እህቴ፣ ጠብ አልነበረም አልልሽም። ግን ማን ከማን በፊት እንደምትቀመጥ ክርክር የለም።

የሁሉ የበላይ የነበረችው ንግሥት በ1876 ሞተች። ልጅ አልነበራትም። ክፍት የሆነውን ቦታ ያየችው የመካከሉ ንግሥት ናት፤ የነጭ ዝሆኗ እመቤት።

ዝምተኛው፦ ከማንዳላይ በፊት ዋና ከተማው አማራፑራ ይባል ነበር ሲባል አነበብኩ። አማራ እዚያ ምን ይሠራ ነበር?

መልስ፦ ምንም። በፓሊ፣ ማለትም በቡድሃ መጻሕፍት ቋንቋ፣ "አማራ" የማይሞት፣ "ፑራ" ከተማ ነው። የማይሞቱት ከተማ። ቀጥሎ።

የአራት ኪሎው፦ ቆይ፣ ቋንቋው ከሴም ጋር ሊገናኝ...

ቡና በጨው፦ ወንድሜ ተው ባክህ፣ ጋሼን አታናድብን።

መልስ፦ አልተናደድኩም። ቀጥሎ ነው ያልኩት።

እታለም፦ ሱፓያላት 80 ሰው አስገደለች የሚባለው እውነት ነው?

መልስ፦ ማን ጻፈው? ከላይ ብያለሁ።

እሺ፣ በደንብ ልመልስልሽ። ግድያው እውነት ነው። የካቲት 1879 ከንጉሣዊው ቤተሰብ ብዙ ሰው ተገድሏል፤ 80 የሚሉ አሉ፣ ያነሰ የሚሉም አሉ። የንጉሥ ዘር ደም መሬት ላይ አይፈስም ተብሎ በቀይ ከፋይ ከረጢት ከተው በዱላ ነው የገደሏቸው ይባላል። ሴቶችና ሕፃናትም ነበሩበት። ይህን ማለስለስ አልችልም።

ጥያቄው ማን አዘዘ ነው። ወደ ኋላ ልመልስሽ። በ1866 ሁለት የሚንዶን ልጆች ዐምፀው አልጋ ወራሹን፣ የአባታቸውን ወንድም ካናውንግን ገደሉ። ሚንዶን ከዚያ ወዲህ አልጋ ወራሽ አልሾመም። ከ100 በላይ ልጅ፣ ወራሽ የለም። ያዙት ያልኳችሁ ቁጥር ይኸ ነው። በ1878 ንጉሡ ታመመ። መስከረም ላይ "አባታችሁ ይፈልጓችኋል" ተብለው ልዑላኑ ተጠሩ። መጡ፣ ታሠሩ። ሁለቱ ብቻ፣ ኛውንግያንና ወንድሙ፣ ነገሩ ሸቷቸው ወደ እንግሊዞች ግቢ ሸሹ። ጠሪዋ ሲንብዩማሺን ናት። ኪንዉን ሚንጂም አብሯት ነው፤ ደካማ ንጉሥ ካነገሥን ሚኒስትሮቹ አገሩን እንመራለን ብሎ አስቧል። ቲባውን መረጡ። ዕድሜው 19 ነው፤ ገዳም ተቀምጦ የሃይማኖት ፈተና ያለፈ፣ ከኋላው ደጋፊ የሌለው ልጅ። እመቤቲቱ ልጆቿን ዳረችለት።

ግድያው ሲፈጸም ሱፓያላት የ19 ዓመት ልጅ ናት። እናቷ ደግሞ በቤተ መንግሥት ጓዳ ያደገች ሴት ናት። ከነታይንዳ ሚንጂ ዓይነት ጨካኝ ሹማምንት ጋር ሆና ማን እንዳዘዘ ለማሰብ ብዙ አይከብድም። የእንግሊዝ ጋዜጦች ግን አንዲት ቆንጆ ጨካኝ ንግሥት አስፈለገቻቸው። አገሩን መያዝ የፈለጉ ነጋዴዎችም ታሪኩን ወደዱት። ንጽሕት ናት አላልኩም። በኋላ ቲባው የወደዳት አንዲት የቤተ መንግሥት ልጅ ስትጠፋ እጇ አለበት። የምለው፣ የእናትየውንና የሹማምንቱን ሂሳብ በሷ ላይ አትጻፉ ነው።

የአራት ኪሎው፦ የኛዎቹ ጎንደሮች ይሻላሉ። ልዑላኑን ወህኒ አምባ ላይ ያስቀምጣሉ እንጂ አይገድሉም።

የፒያሳ ልጅ፦ ዕድሜ ልክ ተራራ ላይ መታሠር ይሻላል ትላለህ?

የአራት ኪሎው፦ ከከረጢቱ? አዎ!

እታለም፦ ወንዶች፣ ጥያቄው የኔ ነበር።

መልስ፦ ለመሻሻልና ላለመሻሻል ሌላ ቦታ ተከራከሩ። አንድ ነገር ብቻ፦ ሚንዶን ራሱ ዙፋኑን የነጠቀውን ወንድሙን ፓጋንን አልገደለም። ማንዳላይ አስቀመጠው፣ ሰውየው ሚንዶን ከሞተ በኋላም በሕይወት ነበር። ስለዚህ "ባህላቸው ነው" ብላችሁ አትዝጉት።

ዝምተኛው፦ ቲባውና ሱፓያላት የአንድ አባት ልጆች አይደሉም እንዴ?

መልስ፦ ናቸው። እናታቸው ይለያያል። ለዋናዋ ንግሥት የሚፈለገው የንጉሥ ደም ነው፤ ለዚህ ሳትዳር የምትቀመጥ ልዕልት ነበረች። በዚህ ዙር ግን ያቺ ተዘልላ የእመቤቲቱ ልጆች ገቡ። ትልቋ ሱፓያጂ በክብር ነገሠች፤ መካከለኛዋ ግን ባሏን ከማንም ጋር አልካፈልም አለች። ለዚያ ቤት ትልቁ አብዮት እሱ ነው።

የሪያዷ፦ በዚህስ ወደድኳት።

ሰሚር ነኝ ባይ፦ ጋሼ፣ ከእንግሊዞች ጋር የነበረው ጦርነት በጫማ ነው የተነሳው ይባላል?

መልስ፦ በጫማ አይደለም። ጫማው ግን ነበረበት። ንጉሥ ፊት ጫማ ይወልቃል፣ መሬት ላይ ይቀመጣል፣ እግር ወደ ኋላ ይታጠፋል። ቤተ ክርስቲያን ወይ መስጊድ ለሚሳለም ሰው ይህ አዲስ ነገር አይደለም። እንግሊዞች ለዘመናት አውልቀዋል። በ1870ዎቹ አጋማሽ ግን ከእንግዲህ አናወልቅም አሉ። ሚንዶንም አላስገባቸውም። ከዚያ ወዲህ መልእክተኛቸው ንጉሡን ፊት ለፊት አላየውም፤ የሚሰማው የገበያ ወሬ ነው። የቤተ መንግሥቱ ወሬ ለምን እንደተበላሸ አሁን ገባችሁ?

ጦርነቱማ የቲክ እንጨት ኩባንያ ላይ በተጣለ ቅጣት ሰበብ መጣ፤ ከጀርባው ፈረንሳዮች ይገባሉ የሚል ፍርሃት አለ። ኅዳር 1885 ተጀመረ፣ በሁለት ሳምንት አለቀ። ዝርዝሩን ሌላ ሰው ጠይቁ፣ የመድፍ ሰው አይደለሁም።

ቡና በጨው፦ የንጉሡ ትልቁ ቀይ ዕንቁስ የት ገባ?

መልስ፦ ንጋ ማውክ ማለትህ ነው። ቤተሰቡ አንድ የእንግሊዝ ኮሎኔል "ልጠብቅላችሁ" ብሎ እንደወሰደው ይናገር ነበር። አልተገኘም። ስለ ዕንቁ ሌላ ጥያቄ አልቀበልም።

የፒያሳ ልጅ፦ የተዘረፈውስ ዕቃ? የመቅደላ ዘውድ ያለበት ሙዚየም ውስጥ ነበር ይባላል።

መልስ፦ አዎ፣ ለንደን ያለው ቪክቶሪያና አልበርት። የማንዳላይ የንግሥና ዕቃዎች እዚያ ቆይተው በ1964 ለበርማ ተመለሱ። በርማም አንዱን፣ በወፍ ቅርጽ የተሠራውን የወርቅ ቢተል ዕቃ፣ ለሙዚየሙ በስጦታ መልሳ ሰጠች። የኛውን በ2018 "በውሰት እንስጣችሁ" ነው ያሉት። ልዩነቱን ራሳችሁ ፍረዱ።

ሌላም አለ። ቤተ መንግሥቱ መጋቢት 1945 በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ተቃጠለ። ዙፋኖቹም አብረው ነደዱ። አንድ የአንበሳ ዙፋን ብቻ ተረፈ፤ ቀደም ብለው ወደ ካልካታ ወስደውት ስለነበር ነው። በ1948 ተመለሰ፤ ዛሬ ያንጎን (የድሮው ራንጉን) ሙዚየም ነው።

የአራት ኪሎው፦ ተዘርፎ ተረፈ ማለት ነው! ታዲያ መወሰዱ ጥሩ አልነበረም?

እታለም፦ ያቃጠለውስ ቦምብ የማን ነበር?

የአራት ኪሎው፦ ጃፓኖች ነበሩ እኮ ግቢው ውስጥ።

እታለም፦ እነሱ ተቀመጡበት፣ ቦምቡን የጣለው ሌላ ነው። ቤት አቃጥሎ "ወንበርህን ላድንልህ" የሚል ጎረቤት አያምረኝም።

መልስ፦ እታለም ልክ ናት። እዚህ ላይ ይበቃል። ማየት ለሚፈልግ ግን ከዋናው ግቢ የተረፈ አንድ ሕንፃ አለ፦ ሽዌናንዶ ገዳም። ሚንዶን የሞተበት ቤት ነው። ቲባው የአባቱ ሞት እያሳቀቀው ሕንፃውን አስነቅሎ ከቅጥሩ ውጭ አስተከለው፣ ለመነኮሳት ሰጠው። በዚያ ምክንያት ከእሳቱ አመለጠ። እንጨቱ ላይ ያለው ቅርጽ ዛሬም አለ።

የሪያዷ፦ የቲባውና የሱፓያላት መጨረሻስ? ልጆች ነበሯቸው?

መልስ፦ ኅዳር 29 ቀን 1885 እንግሊዞች በበሬ ጋሪ ከግቢው አወጧቸው፣ በመርከብ ጫኗቸው። ሕዝቡ መንገድ ዳር እያለቀሰ ነበር። ከማድራስ በኋላ በ1886 ራትናጊሪ አሰፈሯቸው፤ የሕንድ ምዕራብ ጠረፍ ነው፣ ከሰው የራቀ። በነገራችን ላይ እንግሊዞች የሕንድን የመጨረሻ የሙጋል ንጉሥ ወደ ራንጉን አግዘውት እዚያው በ1862 ሞቷል። የሕንዱን ወደ በርማ፣ የበርማውን ወደ ሕንድ።

አራት ሴት ልጆች አደጉ። የሚዳሩበት የንጉሥ ቤት የለም። የመጀመሪያዋ ልዕልት ከግቢው ሠራተኛ፣ ከአንድ የራትናጊሪ ሰው፣ ልጅ ወለደች። ቱቱ ትባላለች። የንጉሥ የልጅ ልጅ ሆና በድህነት፣ የሰፈሩን ቋንቋ እያወራች ኖረች፤ በ2000 ነው የሞተችው። ቲባው በ1916 እዚያው ሞተ፣ መቃብሩም እዚያ ነው። ሱፓያላት በ1919 ራንጉን ተመለሰች፣ ማንዳላይን ግን እንድታይ አልፈቀዱላትም። በ1925 አረፈች። መቃብሯ ከሽዌዳጎን ፓጎዳ ግርጌ ነው። ባልና ሚስቱ ለየብቻ፣ በመሀላቸው ባሕር።

አዲስ ገቢ፦ ሰላም ጋሼ፣ አሁን ነው የገባሁት። ቲባው የሚለው ስም ትርጉሙ ምንድን ነው? ደግሞ ያቺ ጨካኝ ንግሥት...

መልስ፦ ከላይ አንብብ።

አዲስ ገቢ፦ ረጅም ነው እኮ።

መልስ፦ ከተማ ነው ልጄ። ከተማ። ቡናዬም በረደ፤ ደህና እደሩ።