መልስ፦ ቢኒያም 3 ስቴጅ አሸንፎ ቢጫውን ለምን አልወሰደም?

ወንድሜ፣ የኤርትራው ቢኒያም ግርማይ በ2024ቱ (እ.ኤ.አ) ቱር ደ ፍራንስ የብስክሌት ውድድር 3 ስቴጅ (የአንድ ቀን ውድድር) አሸንፎ የአጠቃላይ አሸናፊው ቢጫ ማሊያ እንዴት ለስሎቬኒያዊው ፖጋቻር ሆነ ላልከው፣ ቢጫው የሚሰጠው የሁሉም ቀን ሰዓት ተደምሮ ትንሹን ለፈጀ ነው፣ ሜዳማ መንገድ ላይ በስፕሪንት (መጨረሻ ላይ በፍጥነት ሽሚያ) ሲያልቅ ደሞ አንደኛውም ሰማንያኛውም አብረው ከገቡ እኩል ሰዓት ነው የሚያዝላቸው፣ ለአሸናፊው 10 ሰከንድ ብትቀነስለት ነው። ተራራው ላይ ግን ፖጋቻር በደቂቃዎች ጥሏቸው ይሄዳል። ቢኒ የወሰደው አረንጓዴውን ነው፣ እሱ በነጥብ ነው፣ የሜዳ ስቴጅ አንደኛ 50 ሁለተኛ 30 ያገኛል። ደሞ ቀላል እንዳይመስልህ! 16ኛው ስቴጅ ላይ ኒም ከተማ ሊገቡ ሲሉ አደባባዩ ጋ ወደቀ፣ ተነስቶ እየነዳ ጨረሰ፣ ያን ቀን የአረንጓዴው ተፎካካሪው ፊሊፕሰን አሸንፎ የነጥብ ልዩነቱን ቢያጠበውም ልጁ ማሊያውን ውድድሩ እስካለቀበት ኒስ ከተማ ድረስ አልለቀቀም፣ ከአፍሪካ የመጀመሪያው!