ገመዱ ላይ ያለው 450/750 ምን ማለት ነው?

ውድ እህቴ፣

በኤሌክትሪክ ዝርጋታ ሌቭል 3 ጨርሰሽ፣ አንድ የሕንፃ ተቋራጭ ጋ ለቃለ መጠይቅ ቀርበሽ ነበር። «ሽቦ ላይ የሚጻፈው 450/750 ምንድን ነው?» ሲሉሽ «ከ450 እስከ 750 ቮልት ይሠራል» አልሽ። አሁን ሙያውን ልተወው ወይ ብለሽ ጠየቅሽኝ። በፍጹም አትተዪው። የተሳሳትሽው የአንድ ጽሑፍ አነባበብ ነው።

ቁጥሮቹ «ከዚህ እስከዚህ» ማለት አይደሉም። የፕላስቲክ ሽፋኑ ምን ያህል ቮልት እንዲችል ተደርጎ እንደተሠራ ነው የሚናገሩት። የመጀመሪያው በሽቦውና በመሬት መካከል ነው። ሁለተኛው በሁለት ፌዞች (ኤሌክትሪክ በሚያመጡት ሽቦዎች) መካከል። የአገራችን መስመር ከፌዝ ወደ ኒውትራል (ከመሬት ጋር የተያያዘው መመለሻ ሽቦ) 220፣ ከፌዝ ወደ ፌዝ 380 ቮልት ነው። ስለዚህ 220ን ከ450፣ 380ን ከ750 ጋር ታስተያያለሽ። ሽቦው በደንብ ይበቃል። ከትራንስፎርመር ተነስቶ በመሬት ውስጥ ወደ ሕንፃ የሚገባው ወፍራም ኬብል ላይ 0.6/1 ኪሎ ቮልት የሚል ታገኛለሽ። አነባበቡ ያው ነው።

ጠያቂዎች ቀጥለው የሚያነሡት ግን ይሄን ነው፦ «ታዲያ 450/750 ከሆነ ምጣድ ይችላል?» እዚህ ጋ ብዙ ልጆች ሲሳሳቱ አይቻለሁ። ቮልቴጅ የሽፋኑ ጉዳይ ነው፤ አምፔር ግን የመዳቡ ውፍረት ጉዳይ ነው። 3,500 ዋት የሚወስድ የእንጀራ ምጣድ በ220 ቮልት ወደ 16 አምፔር ይስባል። ለመብራት የተዘረጋ 1.5 ሽቦ (መዳቡ 1.5 ካሬ ሚሊ ሜትር የሆነ) ላይ ብትሰኪው፣ ቮልቴጁ ምንም ሳይጎድልበት ሽቦው ይግላል። ሽፋኑ እየለሰለሰ ሊሄድ፣ በመጨረሻም ቤት ሊያቃጥል ይችላል። ለምጣድ ለብቻው የሆነ፣ ወፈር ያለ መስመርና የሚመጥነው ብሬከር (አምፔሩ ከልክ ሲያልፍ መስመሩን የሚቆርጠው) ያስፈልጋል። ይሄን በራስሽ አፍ ካስረዳሽ፣ ጠያቂው ሥራ የምታውቅ ሰው ፊቱ እንደተቀመጠች ይገባዋል።

እስከሚቀጥለው ቀጠሮ ድረስ አንድ ነገር አድርጊ። የኤሌክትሪክ ዕቃ መሸጫ ግቢና ከየዓይነቱ ቁራጭ ሽቦ ለምኚ፤ ብዙዎቹ አይከለክሉሽም። ጽሑፉን አንብበሽ ቮልቴጁንና ውፍረቱን ደብተርሽ ላይ አስፍሪ። የማታውቂውን ከጠየቁሽም አትገምቺ። «ገመዱ ላይ ያለውን አይቼ ነው የምወስነው» በያቸው። በኤሌክትሪክ ሥራ ገምቶ ከሚሠራ ሰው ይልቅ አይቶ የሚሠራውን ነው የሚፈልጉት።

ቁራጮቹን ሰብስበሽ ስትጨርሺ ጻፊልኝ፤ ብሬከር እንዴት እንደሚመረጥ አብረን እናያለን።