መልስ፦ ከባሕር ዳር ባመጣሁት ፕሮጀክት ላይ ፕለጊኑ ጠፋብኝ

ወንድሜ፣ ባሕር ዳር የጀመርከው ፕሮጀክት ፍኖተ ሰላም ባለው ላፕቶፕህ ኤፍኤል ስቱዲዮ (የሙዚቃ መሥሪያው ፕሮግራም) ላይ ሲከፈት የማሲንቆው ሪቨርብ፣ ማለትም ድምፁን እንደ አዳራሽ የሚያስተጋባው ፕለጊን (በፕሮግራሙ ላይ የሚጨመር ትንሽ ፕሮግራም)፣ የለም ብለሃል። አይዞህ፣ ሥራህ አልጠፋም። ብቻ ባዶውን ፕለጊን ከሚክሰሩ (ድምፆቹ ከሚቀላቀሉበት ገጽ) እንዳታነሳው፤ ፕሮጀክቱንም አሁኑኑ በሌላ ስም ሴቭ አድርገው።

ፕሮጀክቱ የሚይዘው የፕለጊኑን ስምና ያስተካከልከውን ሴቲንግ እንጂ ፕለጊኑን ራሱን አይደለም። በፍላሽ አብሮ አይመጣም፤ ላፕቶፑ ላይ መጫን አለበት። ጭነኸው ካልታየህ ኦፕሽንስ፣ ከዚያ ማኔጅ ፕለጊንስ ግባና ፋይንድ ኢንስቶልድ ፕለጊንስ የሚለውን ተጫን። ዊንዶውስ ላይ ቪኤስቲ3 የሚባለው የፕለጊን ዓይነት ቦታው የታወቀ ነው፤ ሲ ድራይቭ፣ ፕሮግራም ፋይልስ፣ ኮመን ፋይልስ፣ ቪኤስቲ3። የቀድሞው ዓይነት ቪኤስቲ2 ግን የትም ሊቀመጥ ስለሚችል ፎልደሩን ራስህ ሰርች ፓዙ (ፕሮግራሙ ፕለጊን የሚፈልግባቸው ፎልደሮች ዝርዝር) ላይ ጨምርለት።

እኔን ደብረ ማርቆስ ላይ ግማሽ ቀን ያንከራተተኝ ሌላ ነገር ነበር፦ ፕሮጀክቱ የተሠራው በቪኤስቲ2፣ እኔ የጫንኩት ቪኤስቲ3። ስማቸው አንድ ነው፣ ፕሮግራሙ ግን አላገናኛቸውም። ሁለቱንም ስጭን ሪቨርቡ ከነሴቲንጉ ተመለሰ። ስለዚህ መጀመሪያ ባሕር ዳር አብሮህ የሠራውን ልጅ ከሁለቱ የትኛውን እንደተጠቀመ ጠይቀው፤ ማሲንቆውንም ከነሪቨርቡ በዌቭ (በተራ የድምፅ ፋይል) አውጥቶ ይላክልህ።