በደቡብ አፍሪካ የመንግሥት መሥሪያ ቤት የፍርድ ቤት ትእዛዝን ሲያዘገይ፦ ጥያቄና መልስ

በደቡብ አፍሪካ ከምንኖር ኢትዮጵያውያን መካከል የፍርድ ቤት ትእዛዝ በእጃቸው ይዘው በመሥሪያ ቤት ደጃፍ የሚንከራተቱ አሉና፣ ለጥያቄዎቻችሁ በዚሁ አገር ሕግ መሠረት እመልሳለሁ።

ጥያቄ፦ ውሳኔ እንዲሰጠኝ ፍርድ ቤት ያዘዘበት ቀን አልፏል። ይህ ችሎት መድፈር አይደለምን?

መዘግየቱ ብቻውን አያሳስርም። ጠቅላይ ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ2006 ፋኪ በተባለው ጉዳይ እንደወሰነው፣ አመልካቹ ትእዛዝ መኖሩን፣ ተጠሪው ትእዛዙን ማወቁንና አለመፈጸሙን ማስረዳት አለበት። ይህ ከተረጋገጠ በኋላ፣ ያልፈጸምኩት ሆን ብዬ ወይም በክፉ ልቡና አይደለም የሚለው ተጠሪ ማስረጃ ማቅረብ ይጠበቅበታል፤ ነገር ግን ምክንያታዊ ጥርጣሬ መፍጠር ከቻለ አይታሰርም። ስለዚህ ትእዛዙን በእጅ አድርሰው ፊርማ ይቀበሉ፣ ቀኑ ሲያልፍም በጽሑፍ ያስታውሱ፤ «አልደረሰንም» የሚለውን መልስ የሚዘጋው ይህ ወረቀት ነው።

ጥያቄ፦ የምንከሰው ሚኒስቴሩን ነው ወይስ ኃላፊውን?

ብዙ አቤቱታ የሚወድቀው እዚህ ላይ ነው። እ.ኤ.አ. በ2017 ሕገ መንግሥታዊው ፍርድ ቤት በማትጃቤንግ ማዘጋጃ ቤትና በመንግሥታዊው የኤሌክትሪክ ድርጅት በኤስኮም መካከል በነበረው የኤሌክትሪክ ዕዳ ክርክር፣ በማዘጋጃ ቤቱ ሥራ አስኪያጅ ላይ የተላለፈውን የችሎት መድፈር ውሳኔ ሽሮታል፤ ሰውየው በግሉ የክርክሩ ተካፋይ ሆኖ አልቀረበምና። መሥሪያ ቤት አይታሰርም። ትእዛዙን የመፈጸም ኃላፊነት ያለበት ሹም በስሙ ተጠርቶ፣ መጥሪያ ደርሶትና የመከላከል ዕድል ተሰጥቶት መቅረብ አለበት፤ ጠበቃችሁ ከመጀመሪያው ማመልከቻ ጀምሮ ይህን እንዲያስብበት ጠይቁ። በዚያው ፍርድ እንደተነገረው፣ እስራት ሳይጠየቅ ትእዛዙን የሚያስፈጽም ሌላ መፍትሔ ብቻ ከተፈለገ፣ እንደ ማንኛውም የፍትሐ ብሔር ክርክር ሚዛን የሚደፋ ማስረጃ ይበቃል።

ጥያቄ፦ ሆም አፌር (የአገር ውስጥ ጉዳይ ሚኒስቴር) ፍርድ ቤትን ሰምቶ ያውቃልን?

ምሬታችሁን እጋራለሁ። የፖርት ኤልዛቤት የስደተኞች መቀበያ እ.ኤ.አ. በ2011 ለአዲስ ጥገኝነት ጠያቂዎች ከተዘጋ በኋላ፣ ጠቅላይ ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት እስከ ሐምሌ 1 ቀን 2015 እንዲከፈት ቢያዝም የተከፈተው በጥቅምት 2018 ነው። የኬፕታውኑም እስከ መጋቢት 31 ቀን 2018 እንዲከፈት ታዞ ቀኑ ያለ ውጤት አልፏል። በእነዚህ ዓመታት ወረቀት የሌለው ሰው ለሥራም፣ ለሕክምናም፣ ለልጁ ትምህርት ቤትም ምን ያህል እንደሚቸገር የምታውቁት እናንተ ናችሁ። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 165 የፍርድ ቤት ትእዛዝ የመንግሥት አካላትንም እንደሚያስገድድ በግልጽ ይናገራል።

ሆኖም የተለወጠ ነገር አለ። ሕገ መንግሥታዊው ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ2017 በኢሚግሬሽን ሕግ የታሰረ ሰው በ48 ሰዓት ውስጥ ዳኛ ፊት እንዲቀርብ አዝዞ፣ ሕጉም በ24 ወራት ውስጥ እንዲስተካከል ጊዜ ሰጥቶ ነበር። ቀኑ ካለፈ ከዓመታት በኋላ ሚኒስቴሩ ሕጉን ሳያስተካክል ወደ ፍርድ ቤቱ ተመልሶ ሲመጣ፣ በጥቅምት 2023 ሚኒስትሩ የክርክሩን ወጪ 10 በመቶ፣ ዋና ዳይሬክተሩ ደግሞ 25 በመቶ ከግል ኪሳቸው እንዲከፍሉ ተወሰነ። እኔ እንደማምነው፣ ሹምን ከእስራት ዛቻ ይልቅ የሚያነቃው ይህ ነው፤ በማመልከቻችሁ ላይም በግል ወጪ እንዲከፍል ጠይቁ።

ጥያቄ፦ የተፈረደልኝ ገንዘብ ነው። ያው መንገድ ነውን?

አይደለም፤ የገንዘብ ፍርድ በአፈጻጸም እንጂ በችሎት መድፈር አይጠየቅም። ቀድሞ የ1957ቱ የመንግሥት ተጠያቂነት ሕግ የመንግሥትን ንብረት ማስያዝ ይከለክል ነበር። ሕገ መንግሥታዊው ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ2008 ይህን ሽሯል፤ በ2011 በወጣው የሕጉ ማሻሻያ መሠረት ፍርዱ የመጨረሻ ከሆነ በኋላ በ30 ቀናት ውስጥ ካልተከፈለ፣ ለግምጃ ቤቱ ጭምር ማስታወቂያ ተሰጥቶ በመጨረሻ የመሥሪያ ቤቱን ተንቀሳቃሽ ንብረት ማስያዝ ይቻላል።

ጥያቄ፦ ወንድሜ እንዲፈታ ቢታዘዝም አልለቀቁትም።

እዚህ ላይ ደብዳቤ መጻጻፍ አያስፈልግም። ጠበቃዎ ዛሬውኑ ለከፍተኛው ፍርድ ቤት አስቸኳይ ማመልከቻ ያቅርብ፤ የእስር ቤቱ ኃላፊም በስሙ ይጠራ።