ስብስብ አልበም ለምትሠሩ ወጣቶች

ልጆቼ፣

የተለያዩ ድምፃውያንን ተወዳጅ ዘፈኖች በአንድ አልበም ማውጣት ቀላል የሚመስለው ዘፈኖቹ ቀድመው ስላለቁ ነው። ተሠርተዋል፣ ተወደዋል፤ መደርደር ብቻ የቀረ ይመስላል። ግን እያንዳንዱ የተሠራው ለብቻው እንዲሰማ ነው። የእናንተ ሥራ ማጎራበት ነው።

ስቱዲዮ ሳትገቡ ወረቀቱን ጨርሱ። አንድ ዘፈን ላይ ሁለት መብት አለ፦ የግጥምና ዜማው፣ እንዲሁም የተቀዳው ድምፅ ማለትም የማስተሩ። ድምፃዊው «ይሁን» ቢላችሁ ማስተሩ የአሳታሚው፣ ዜማው የሌላ ሰው ሊሆን ይችላል። ውሉ ለስንት ዓመት፣ ለየትኛው አገር፣ ለሲዲ ነው ለሸክላ ወይስ ለኢንተርኔት የሚለውን ይግለጽ። ክፍያው በዘፈን ቁጥር ይካፈል፤ ለአንዱ የተሻለ ከተሰጠ ለሁሉም ይሻሻል የሚል አንቀጽም ጠብ ያስቀራል። እምቢ የሚል አይጠፋምና ለ18 ቦታ 25 ዘፈን ጠይቁ። እንግሊዝ ውስጥ እ.ኤ.አ. በ1983 ቨርጂንና ኢኤምአይ የተባሉት የሙዚቃ ኩባንያዎች ተፎካካሪዎች ሆነው ሳሉ ዘፈን አዋጥተው 30 ዘፈን የያዘ ባለሁለት ሸክላ አልበም አውጥተዋል፤ የዘመኑን ተወዳጅ ዘፈን ሁሉ ብቻውን የያዘ ኩባንያ የለማ።

ከዚያ ምንጩ። ኤምፒ3 አትቀበሉ፤ ሲጨመቅ የተጣለው ድምፅ ወደ ዌቭ፣ ማለትም ወዳልተጨመቀው ፋይል፣ ቢለወጥም አይመለስም። ካሴት ብቻ ከተገኘ የማጫወቻው ሄድ (ቴፑን የሚያነበው ክፍል) ማዕዘን ካሴቱ ከተቀዳበት ጋር ይግጠም፤ ካልገጠመ ቀጭኑ ድምፅ ይታፈናል። ለእያንዳንዱ ካሴት ሄዱ ጎን ያለችውን ትንሿን ብሎን እያዞራችሁ አስተካክሉ። ኋላ በኢኩዋላይዘር (ቀጭንና ወፍራም ድምፅን ለየብቻ በሚያስተካክለው) ላመጣው ካላችሁ የምታጎሉት የካሴቱን ሽሽታ ነው። ፍጥነቱንም ፈትሹ፦ 6 በመቶ ያህል ከፈጠነ ዘፈኑ በግማሽ ቶን ይቀጥናል፣ ድምፃዊውም ልጅ ይመስላል።

ዋናው ጣጣ የድምፅ መጠን ነው። የድሮ ቅጂ ከአዲስ ጎን ሲቀመጥ በጣም ያንሳል። ጀማሪ የሚያደርገው ዝቅ ያለውን በሊሚተር (የድምፁን ጫፍ በሚገታው መሣሪያ) ከፍ ማድረግ ነው፤ የከበሮው ምት ይደፈጠጣል፣ ሽሽታው ይነሣል፣ ዘፈኑ ይታፈናል። እናንተ ጯሂውን አውርዱ። ብዙዎቹ የኢንተርኔት ማጫወቻዎች ራሳቸው ወደ -14 ሉፍስ (ለጆሮ የሚሰማ አማካይ የድምፅ መጠን መለኪያ) አካባቢ ስለሚያወርዱት የሚቀርባችሁ ነገር የለም። የድምፁ ከፍተኛ ጫፍ ከ-1 ዲሲቤል አይለፍ። ይህን ሁሉ ከለካችሁ በኋላ መለኪያውን ዝጉና የድምፃውያኑን ድምፅ ብቻ እያነጻጸራችሁ ስሙ። በአንድ ጊታር የታጀበ ለስላሳ ዘፈን ከጭፈራ ዘፈን ጋር በቁጥር እኩል ከሆነ ድምፃዊው ጆሯችሁ ሥር የሚጮህ ይመስላል፤ 2 ወይም 3 ዲሲቤል ዝቅ አድርጉት። ጆሮ የሚታዘዘው ለመለኪያው አይደለም።

ለቅደም ተከተሉ ሙሉውን መስማት አያስፈልግም። የአንዱን የመጨረሻ 10 ሰከንድና የቀጣዩን የመጀመሪያ 10 ሰከንድ አገናኝታችሁ ስሙ፤ ቅኝታቸው ከተጋጨ ወዲያው ይታወቃል። በመሃል 2 ሰከንድ ዝምታ መተው ልማድ እንጂ ሕግ አይደለም፦ እየደበዘዘ ለሚያልቅ ዘፈን ያጥር፣ ድንገት ለሚቆም ይርዘም። ለሸክላ ከሆነ አንዱን ገጽ ከ22 ደቂቃ አታሳልፉ፤ መስመሮቹ ሲጣበቡ ድምፁ ይቀንሳል። መርፌው ወደ ሸክላው መሃል ሲጠጋ ቀጭኑ ድምፅ ስለሚሻክር ለስላሳውን ዘፈን መጨረሻ ላይ አድርጉት። ሲዲ 80 ደቂቃ ገደማ ይይዛል፤ ስለያዘ ብቻ ግን መሙላት የለባችሁም።

በወጉ የተመዘገበ ቅጂ ሁሉ አይኤስአርሲ የሚባል ባለ12 ፊደልና አኃዝ የራሱ መለያ አለው። የነበረውን አስገቡ፤ አዲስ ካወጣችሁለት የዘፈኑ ቆጠራ ለሁለት ይከፈላል፣ ክፍያውም መንገዱን ይስታል። ሽፋኑ ላይ የገጣሚው፣ የዜማ ደራሲውና የአቀናባሪው ስም፣ የተቀዳበት ዓመት፣ አጭሩ ነው ሙሉው ቅጂ የሚለውም ይጻፍ። ወደ ማተሚያ ቤት ከመሄዱ በፊት ለየባለመብቱ ላኩት፤ የስም ስህተትን ከሁሉ ቀድሞ የሚያየው ባለስሙ ነው።